የደጃፍ ጽዳትና የከተማ አስተዳደር፤ የሺካጎ ሴቶች ማኅበራት ስለ ሠሩት ሥራ

ይህ ትምህርት የተጻፈው ለመምህራንና ማንበብ ለሚችሉ ያገር ሽማግሌዎች ነው። ነገሩ የሩቅ አገር ነገር ነው፤ ይኸውም በአሜሪካ አገር በኢሊኖይ ክፍለ ግዛት የምትገኘው የሺካጎ ከተማ ሴቶች ማኅበር አቁመው በከተማቸው አስተዳደር ላይ ያመጡት ለውጥ ነው። ዳሩ ግን የቆሻሻ፣ የውሃ፣ የልጆች በሽታና የትምህርት ቤት ጉዳይ በማናቸውም አገር የሚገኝ ስለ ሆነ፥ የሩቁን ሰው ሥራ መማር የቅርቡን ለመመርመር ይረዳል። በዚህ ጽሕፈት የሚገኙት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ከሁሉ አስቀድሞ አንድ ጥያቄ እናቅርብ። ሹመት የሌለው፣ ድምፅ ሰጥቶ እንደራሴ ለመምረጥ እንኳ ሕግ ያልፈቀደለት ሰው፥ የከተማን አስተዳደር ለማቅናት ምን ይችላል? ብዙ ሰው፥ አቤት ከማለትና ከመለመን በቀር ምንም አይችልም ብሎ ይመልሳል። የሺካጎ ሴቶች ግን ሌላ መልስ ሰጡ፤ መልሳቸውም በሥራ የተገለጠ ነበር። እንግዲህ ይህን ሥራ በየተራው እንመለከታለን።

፩፤ ከተማይቱ እንዴት እንደ ነበረች

ሺካጎ ሚሺጋን በሚባል ታላቅ ሐይቅ ዳር የተሠራች ከተማ ናት። በ1870 የሕዝቧ ቍጥር 300 ሺህ ያህል ነበረ። በ1871 ታላቅ እሳት ተነሥቶ ብዙ ክፍሏን አቃጠለው፤ ነገር ግን ወዲያው እንደ ገና ተሠርታ፥ በ1890 ሕዝቧ ከ1 ሚሊዮን በላይ፣ በ1910 ደግሞ ከ2 ሚሊዮን 180 ሺህ በላይ ሆነ። በ40 ዓመት ውስጥ ሕዝቧ 7 እጥፍ በዛ ማለት ነው። ብዙ የባቡር መንገዶች ይገናኙባት ስለ ነበረ፣ ታላላቅ የከብት ማረጃ ስፍራዎችና የብረት ፋብሪካዎችም ስለ ነበሩባት፥ ከኢጣልያ፣ ከአየርላንድ፣ ከጀርመን፣ ከፖላንድ፣ ከሩስያና ከግሪክ አገር ሥራ ፈላጊ ሕዝብ ይጐርፍባት ነበር።

ከዚህ ሕዝብ ብዙው ከገጠር የመጣ ነበረ። በገጠር ሳለች ሴቲቱ ቤቷን ጠርጋ ጥራጊውን ወደ ማሳ ትጥለዋለች፤ ልጣጩን ከብት ይበላዋል፤ የቀረውን ፀሐይ ያደርቀዋል። ወደ ከተማ በመጣች ጊዜ ግን ባንድ ፎቅ ቤት ውስጥ ብዙ ቤተ ሰብ ተጨናንቆ ስለሚኖር፥ የቆሻሻው ጋሪ ካልመጣላት በቀር ጥራጊውን የምታደርስበት ስፍራ የላትም። የራሷን ክፍል ምንም ያህል ብታጸዳ፥ ከደጃፏ የተከመረው የጎረቤት ሁሉ ቆሻሻ ልጆቿን ያሳምምባታል። በየመንገዱ ዳር የቆሻሻ መጣያ የሆኑ ታላላቅ የእንጨት ሣጥኖች ተተክለው ነበር፤ የሚያነሣቸው ሳይኖር ቀን በቀን እየሞሉ ይሸቱ ነበር፤ ሕፃናትም በላያቸው እየወጡ ይጫወቱ ነበር።

የከተማይቱም አስተዳደር እንዲህ ነበረ። ከተማይቱ በወረዳ የተከፈለች ስትሆን፥ ከያንዳንዱ ወረዳ 2 እንደራሴዎች እየተመረጡ በከተማው ምክር ቤት ይቀመጡ ነበር። ቆሻሻ የማንሣቱን ሥራ በውል የሚቀበሉት ነጋዴዎች ነበሩ፤ ውሉም ብዙ ጊዜ ለእንደራሴው ወዳጅ ይሰጥ ነበር እንጂ ሥራውን አጥብቆ ለሚሠራ አልነበረም። ሴቶች ደግሞ በ1891 በትምህርት ቤት ጉዳይ ከተፈቀደላቸው ጥቂት ምርጫ በቀር ድምፅ አልነበራቸውም። ስለዚህ ቆሻሻው በልጆቻቸው ላይ የሚያደርሰውን ጉዳት የሚያዩት እናቶች፥ ቆሻሻውን ሊያስነሣ በሚችለው ምክር ቤት ሰሚ አልነበራቸውም።

፪፤ ማኅበራቱ እንዴት እንደ ተነሡ

ማኅበር ማለት ላንባቢው እንግዳ ነገር አይደለም። በጻድቃን ስም የሚጠጣ ማኅበር፣ ዕቁብም በያገሩ አለ፤ ሙሴ ይመረጥለታል፤ ተራ ይጠበቅበታል። የሺካጎ ሴቶች ማኅበራትም በሥርዓታቸው ከዚህ ብዙ የራቁ አልነበሩም። ሊቀ መንበር፣ ጸሐፊና ገንዘብ ያዥ ነበራቸው፤ የተባለው ሁሉ በቃለ ጉባኤ ይጻፍ ነበር፤ ስለ ትምህርት፣ ስለ ጤና፣ ስለ መንገድ የሚመረምሩ ልዩ ልዩ ክፍሎችም ነበሯቸው።

ከነዚህ አንዱ በ1876 የተቋቋመው የሺካጎ ሴቶች ማኅበር ነው። አባሎቹ ብዙዎቹ ባለጸጎችና የተማሩ ወይዛዝርት ነበሩ። በመጀመሪያ መጻሕፍት እያነበቡ ይነጋገሩ ነበር፤ ኋላ ግን ንባቡ ብቻውን አይበቃም ብለው ወደ ሥራ ተመለሱ። ከሥራቸውም አንዱ የልጆች ፍርድ ቤት ነው። በዚያን ጊዜ በጥፋት የተያዘ ልጅ ከጐልማሳ ወንጀለኞች ጋር ባንድ ወኅኒ ይታሰር ነበር፤ ክፉ ሥራ ያልለመደውም ልጅ በወኅኒ ለምዶ ይወጣ ነበር። ሴቶቹ ከሕግ ዐዋቂዎች ጋር ተባብረው ስለ ደከሙ፥ በ1899 በሺካጎ የልጆች ፍርድ ቤት ተቋቋመ፤ ይህም በአሜሪካ አገር የመጀመሪያው ነው። ሕጉ ከእስራት የተለቀቁትን ልጆች ጠባይ የሚከታተሉ ሠራተኞች እንዲኖሩ ፈቀደ፥ ደመወዝ ግን አልመደበላቸውም። ስለዚህ ሴቶቹ ሌላ ጉባኤ አቁመው፥ መንግሥት ሥራውን እስኪቀበል ድረስ ደመወዛቸውን ከለመኑት ገንዘብ ይከፍሉ ነበር።

ሁለተኛው ዐይነት ማኅበር በድኾች ሰፈር የተነሣው ነው። በ1889 ወይዘሪት ጄን አዳምስና ወይዘሪት ኤለን ጌትስ ስታር የሚባሉ ሁለት ሴቶች፥ ሆልስቴድ በሚባለው መንገድ በ19ኛው ወረዳ አንድ አሮጌ ታላቅ ቤት ይዘው ተቀመጡ። ቤቱ ሃል ሃውስ ይባላል። አሳባቸውም ከሩቅ ሆኖ ምጽዋት መስጠት ሳይሆን ከድኾች ጋር ጎረቤት ሆኖ መኖር ነበር። በዚህም ቤት የሰፈሩ ባለትዳሮች የሚሰበሰቡበት የሃል ሃውስ ሴቶች ማኅበር ተቋቋመ። ቀጥሎ የሚተረከው ሥራ የተሠራው በነዚህ ሴቶች ነው።

፫፤ ስለ 1037 ክስ

በ19ኛው ወረዳ የሚሞተው ሰው ቍጥር ከከተማይቱ ወረዳዎች ሁሉ በ3ኛ ደረጃ የሚገኝ ነበረ። የማኅበሩ ሴቶች፥ የኛ ልጆች ከሌላው ሰው ልጆች ይልቅ ስለ ምን ይሞታሉ ብለው ጠየቁ። በ1894 በበጋ 12 የማኅበሩ ሴቶች ከሃል ሃውስ ነዋሪዎች ጋር ሆነው፥ ማታ ማታ ከቤት ሥራቸው በኋላ በየቤቱ ኋላ ባሉት ጠባብ መንገዶች እየዞሩ ቆሻሻ ያልተነሣበትን ስፍራ፣ የበሰበሰውን ሣጥን፣ ሕግ የተላለፈውን ባለቤት መመዝገብ ጀመሩ። ሥራው የሚያስጸይፍ፣ ወራቱም የሙቀት ወራት ነበር። እንዲህም ሆኖ በነሐሴና በመስከረም ወራት ብቻ 1037 የተረጋገጠ ክስ ለጤና ጥበቃ መሥሪያ ቤት አቀረቡ። ከዚህም የተነሣ 3 ተቆጣጣሪዎች ባንድ ባንድ ከወረዳው ተነሥተው ወደ ሌላ ስፍራ ተዛወሩ።

ነገር ግን ተቆጣጣሪው ቢለወጥ ቆሻሻው አልተነሣም። በሚመጣው ዓመት ወይዘሪት አዳምስ፥ ቆሻሻ የማንሣቱን ሥራ እኔ በውል ልቀበል ብለው ዋጋ አቀረቡ። ምክር ቤቱም በደንቡ አጻጻፍ ምክንያት አድርጎ አሳባቸውን ጣለው፤ ነገሩ ግን በከተማይቱ ስለ ተወራ፥ ከንቲባው በዓመት 1000 ዶላር ደመወዝ የወረዳው የቆሻሻ ተቆጣጣሪ አድርጎ ሾማቸው። ይህ በ1895 ነው። ከዚያ ወዲያ ወይዘሪት አዳምስና ረዳታቸው ከጧቱ በ12 ሰዓት እየተነሡ፥ ጋሪዎቹ በርግጥ ሥራ መጀመራቸውን ያዩ ነበር፤ ጋሪዎቹንም እስከ መድፊያው ስፍራ ይከተሉ ነበር። ባለውሉ ነጋዴ 9 ጋሪዎች ብቻ ያሰማራ ነበር፤ እርሳቸው አስገድደው በመጀመሪያ 13፣ ኋላም 17 አስደረጉት። ሕግ የሚተላለፉትንም የቤት ባለቤቶች ወደ ፍርድ ቤት አቀረቧቸው። ባንድ ጠባብ መንገድ ላይ ቆሻሻው ቢዛቅ፥ ከ18 ኢንች በታች፥ ማለት ክንድ ከሚያህል ጥልቀት፥ ነዋሪው ሁሉ የማያውቀው በድንጋይ የተነጠፈ መንገድ ተገኘ።

ከጎረቤቶቻቸው ብዙዎቹ፥ በተለይም ከሌላ አገር የመጡት እናቶች፥ ሴት ልጅ የቆሻሻ ጋሪ ስትከተል አይተው ደነገጡ፤ ለሴት የማይገባ ሥራ ነው አሉ። ወይዘሪት አዳምስ ግን፥ በየድኻው ቤት እየገቡ በሽተኛ ማስታመም ለሴት የሚገባ ከሆነ፥ በሽታው እንዳይነሣ በዚያው ሰፈር መዞርም እንደዚሁ የሚገባ መሆኑን በትዕግሥት ያስረዷቸው ነበር። እናቶቹም ነገሩን ቀስ በቀስ ተቀበሉት፤ ምክንያቱም ሁሉም ልጅ ያስታመሙ ነበሩ።

ፍሬውም ታየ። ወረዳው በሞት ብዛት ከነበረበት ከ3ኛ ደረጃ ወደ 7ኛ ወረደ። ይህ ወሬ በማኅበሩ ስብሰባ በተነገረ ጊዜ ሴቶቹ በጭብጨባ ተቀበሉት፤ በየመንገዱ ዞረው የቈጠሩት እነርሱ ስለ ሆኑ ደስታው የራሳቸው ነበር። ሹመቱ ግን አልቆየም። የእንደራሴው ወገን የቆሻሻ ማንሣቱን ሥራ ከመንገድ ሥራ ጋር የሚያጣምር ደንብ አወጣ፤ ለዚህም አዲስ ሹመት የሚገባው ወንድ ብቻ ሆነ። እንዲህም አድርጎ ሴቶቹን ከሥራው አስወጣቸው።

፬፤ ስለ ተስቦና ስለ ጉቦ

በ1902 በበጋ ታይፎይድ የሚባለው የአንጀት ተስቦ በሺካጎ ገባ። 19ኛው ወረዳ ከከተማይቱ ሕዝብ 36ኛውን እጅ ብቻ የያዘ ሲሆን፥ ከሞቱት ሰዎች 6ኛው እጅ ከዚያ ወረዳ ተገኘ። ሐኪሟ ወይዘሪት አሊስ ሐሚልተንና ሌሎች የሃል ሃውስ ሴቶች በየቤቱ እየገቡ፥ የውሃውና የእዳሪው ቧንቧ በሕጉ መሠረት የተሠራ መሆኑን ያልተሠራም መሆኑን መረመሩ፤ በሽተኛውም ከየትኛው ቤት እንደ ወጣ በካርታ ላይ አመለከቱ። ከዚህም ምርመራ ተቆጣጣሪዎቹ ከቤት ባለቤቶች ጉቦ እየተቀበሉ ሕገ ወጡን ቧንቧ ዝም እንዳሉ ታወቀ። ነገሩ ወደ ዳኝነት ቀርቦ፥ ከ24 የጽዳት ክፍል ሠራተኞች 11 ከሥራቸው ተሻሩ።

እዚህ ላይ መምህራን ልብ ሊሉት የሚገባ አንድ ነገር አለ። ወይዘሪት ሐሚልተን በሽታውን ያዛመተው ዝንብ ነው ብለው ገምተው፥ ዝንቦችን ይዘው መርምረው ጽፈው ነበር፤ አሳባቸውም ብዙ ተመሰገነ። ኋላ ግን ዋናው ምክንያት የውሃ መግፊያው ቤት ቧንቧ ተሰብሮ እዳሪ ከመጠጡ ውሃ ጋር ለ3 ቀን መቀላቀሉና ይህም ተሰውሮ መቆየቱ እንደ ሆነ ዐወቁ። በ1943 ባሳተሙት የሕይወት ታሪካቸውም ይህን ሳይደብቁ ጻፉት። ጉቦው እውነት ነበር፤ የቧንቧውም ክፋት እውነት ነበር፤ የዝንቡ ግምት ግን ለዚያ በሽታ ምክንያት አልነበረም። እውነትን የሚሻ ሰው ምስጋና ያገኘበትን ነገር እንኳ ቢሆን መልሶ ይመረምረዋል።

፭፤ ጉድጓድ ስለ ነበረበት ሰፈር

በሺካጎ ደቡብ ከታላቁ ከብት ማረጃ ኋላ የሠራተኞች ሰፈር ነበር። ከ1894 ጀምሮ ወይዘሪት ሜሪ ማክዳውል በዚያ ተቀምጠው ሃል ሃውስን የመሰለ ቤት ያስተዳድሩ ነበር። በዚያ ሰፈር ለጡብ ሥራ አፈር የተቈፈረባቸው ሰፋፊ ጉድጓዶች ነበሩ፤ የጉድጓዶቹም ባለቤት እንደራሴ የነበረ ሰው ነው። መጀመሪያ አፈሩን ጡብ አድርጎ ሸጠ፤ ኋላም ባዶውን ጉድጓድ የከተማ ቆሻሻ እንዲደፋበት አደረገ፤ ከሁለቱም ተጠቀመ። የሌላው ሰፈር ቆሻሻ ሁሉ በጋሪ እየመጣ በነዚህ ድኾች ደጅ ይደፋ ነበር። በሌላው ጐን ደግሞ የማረጃው ደምና ስብ የሚወርድበት የወንዙ ቅርንጫፍ ነበር፤ ከመበስበሱ የተነሣ በላዩ አረፋ ይፈላ ስለ ነበረ ሰው የሚፈላው ወንዝ ይለው ነበር።

ወይዘሪት ማክዳውል የሰፈሩን ሴቶች ይዘው ወደ ማዘጋጃ ቤት ተመላለሱ። ሹማምንቱም አንዱ ወደ ሌላው ይልካቸው ነበር እንጂ ነገሩን የሚቀበላቸው አልነበረም። እንዲያውም ደስ የማያሰኝ ነገር ሁሉ የሚቀመጥበት ሰፈር በታላቅ ከተማ ሊጠፋ እንደማይችል፣ በዚያም የሚኖሩት ሰዎች ያን ያህል እንደማይሰማቸው የሚገልጽ መልስ ተሰጣቸው። ይህ ቃል ለሴቶቹ ከቆሻሻው ይልቅ የመረረ ነበር። ልጅ የሞተባት እናት ድኻ ስለ ሆነች ኀዘኑ አይሰማትም ማለት ነውና።

በ1911 ወይዘሪት ማክዳውል ወደ አውሮፓ ሄደው፥ የጀርመንና የሌሎች አገሮች ከተሞች ቆሻሻቸውን በምድጃ እንዴት እንደሚያቃጥሉ አዩ። ተመልሰውም በያዳራሹ እየተጋበዙ ለሴቶች ማኅበራት ያስረዱ ነበር። በዚያን ጊዜ በ1910 የተቋቋመ የሺካጎ የከተማ ጉዳይ ሴቶች ማኅበር የሚባል አዲስ ማኅበር ነበር። ሥራው ሴቶች ስለ ከተማቸው አስተዳደር እንዲያውቁና እንዲነጋገሩ ማድረግ ነው፤ ወይዘሪት ማክዳውልም በዚህ ማኅበር የቆሻሻ ጉዳይ ክፍል መሪ ነበሩ።

በ1903 የተቋቋመ የወንዶች የከተማ ጉዳይ ማኅበርም ነበረ፤ አባሎቹ ነጋዴዎችና ሕግ ዐዋቂዎች ነበሩ። ሁለቱ ማኅበራት ያንኑ የቆሻሻ ነገር መርምረው ልዩ ልዩ አሳብ አቀረቡ። ወንዶቹ ሥራው በስንት ገንዘብ እንደሚሠራ አስቀድመው ስለ ተመለከቱ፥ በውል ለግል ኩባንያ መሰጠቱን አልተቃወሙም። ሴቶቹ ግን አስቀድመው የነዋሪውን ጤና ስለ ተመለከቱ፥ ሥራው የከተማይቱ ሥራ ይሁን፤ ትርፍ የሚሻ ሰው አይያዘው አሉ። ሁለቱም ያዩት እውነት ነው፤ ነገር ግን የመጀመሪያው ጥያቄ ልዩ ስለ ሆነ የመጨረሻውም መልስ ልዩ ሆነ። ነገር የሚመረምር ሰው፥ ይህ ስንት ይፈጃል ከማለቱ በፊት ይህ ለማን ነው ብሎ መጠየቅ ይገባዋል።

፮፤ ድምፅ በተገኘ ጊዜ

በ1913 በሰኔ ወር የኢሊኖይ ምክር ቤት ለሴቶች የፕሬዚዳንትና የከተማ ምርጫ የሚፈቅድ ሕግ አጸና፤ አገረ ገዢውም ሰኔ 26 ቀን ፈረመበት። ለአገረ ገዢነትና ለሕግ መወሰኛ ምክር ቤት የሚደረገው ምርጫ ግን ገና አልተፈቀደላቸውም ነበር። እንዲህም ጐደሎ ሆኖ ነገሩን ለወጠው። በዚያው ዓመት ምክር ቤቱ የከተማ ቆሻሻ መርማሪ ጉባኤ አቆመና ወይዘሪት ማክዳውልን አባል አደረጋቸው። ኋላም የግል ኩባንያው ይሠራበት የነበረው የጥራጊ ፋብሪካ በከተማይቱ እጅ ገባ፤ ጉድጓዶቹም እየተዘጉ ሄዱ። ለብዙ ዓመት በልመና ያልሆነው፥ ሴቶቹ መራጮች በሆኑ ጊዜ ሆነ። ነገር ግን ድምፁ ባዶ እጁን አልመጣም፤ ከኋላው የ20 ዓመት ምርመራ ነበረው። ያለ ዕውቀት የሚሰጥ ድምፅ ለማንም የሚሸጥ ነው፤ ድምፅ የሌለው ዕውቀትም በመዝገብ ቤት ታሽጎ ይቀራል።

በዚያው በ1913 በታኅሣሥ ወር ደግሞ የመምህራን ነገር ተነሣ። ወይዘሮ ኤላ ፍላግ ያንግ ከወጣትነታቸው ጀምሮ መምህር የነበሩ፣ በ1909 የሺካጎ ትምህርት ቤቶች ሁሉ የበላይ ሹም የሆኑ ሴት ናቸው። ባሜሪካ አገር እንዲህ ያለ ታላቅ ከተማ ትምህርት ቤቶችን የመራች ሴት ከርሳቸው በፊት አልነበረችም። የትምህርት ጉባኤው አባሎች ከፊሎቹ ስለ ጠሏቸው በምርጫ አስወጧቸውና ሌላ ሰው ሾሙ። ወዲያው የሴቶች ማኅበራት ታላቅ ስብሰባ ጠሩ፤ አዳራሹም ሞላ። ከንቲባው መራጮች የሆኑትን ሴቶች ቍጣ ባየ ጊዜ፥ ከተቃወሟቸው የጉባኤው አባሎች አንዳንዶቹን አሰናበተና ወይዘሮ ያንግ ወደ ሥራቸው ተመለሱ፤ እስከ 1915ም ድረስ ሠሩ።

በ2ኛው ወረዳ ደግሞ የጥቁሮች ሕዝብ ይኖር ነበር። ወይዘሮ አይዳ ዌልስ ባርኔት፥ ጥቁሮችን ያለ ፍርድ ይገድሉ የነበሩትን ሰዎች ግፍ በጋዜጣ በመግለጥ የታወቁት ሴት፥ በ1913 በጥር ወር አልፋ የተባለ የጥቁር ሴቶች የምርጫ ማኅበር አቆሙ። አልፋ የግሪክ ፊደል መጀመሪያ ነው፤ ማኅበሩም በሺካጎ ለጥቁር ሴቶች እንዲህ ላለው ሥራ የመጀመሪያው ነበረ። አባሎቹ በየቤቱ እየዞሩ ሴቶች በመራጭነት እንዲመዘገቡ ሲመክሩ፥ የገዛ ወገኖቻቸው ወንዶች ያፌዙባቸው ነበር፤ ሂዱና ሕፃኖቻችሁን አሳድጉ ይሏቸው ነበር። ሴቶቹም ተስፋ ቈርጠው ሊተዉ ሲሉ፥ ወይዘሮ ባርኔት መክረው መለሷቸው። በ1914 የደገፉት ጥቁር ተወዳዳሪ ሳይመረጥ ቢቀርም ያገኘው ድምፅ ብዙ ስለ ሆነ፥ ያፌዙ የነበሩት የፖለቲካ ሰዎች ወደ ማኅበሩ መጥተው ለሚመጣው ምርጫ ተነጋገሩ። በ1915ም ኦስካር ደ ፕሪስት በሺካጎ ምክር ቤት የተቀመጠ የመጀመሪያው ጥቁር እንደራሴ ሆነ።

፯፤ ያልተፈጸመው ነገር

ታሪክ የሚያስተምር ሰው መልካሙን ብቻ ቢናገር ተማሪውን ያታልላል። ስለዚህ የጐደለውንም መናገር ይገባል።

አንደኛ፤ ማኅበራቱ ራሳቸው ከአድልዎ የጠሩ አልነበሩም። ወይዘሮ ፋኒ ባሪየር ዊልያምስ የሚባሉ የተማሩ ጥቁር ሴት ወደ ሺካጎ ሴቶች ማኅበር ለመግባት በተጠሩ ጊዜ፥ የቆዳቸው መልክ ከ1 ዓመት የበለጠ ክርክር አስነሣ፤ ከዚያም በኋላ ነው የተቀበሏቸው። ለድኻው ደጃፍ ጽዳት የሚከራከር ማኅበር የራሱን ደጃፍ ለመክፈት ይህን ያህል ዘገየ።

ሁለተኛ፤ ሴቶች ሁሉ ባንድ አሳብ አልመረጡም። በ1914 ወይዘሪት ማሪዮን ድሬክ ከ1892 ጀምሮ በምክር ቤቱ ከተቀመጠው ከጆን ኮግሊን ጋር በ1ኛው ወረዳ ተወዳድረው ተሸነፉ፤ ድምፅ ከሰጡት ሴቶችም ብዙዎቹ ለርሱ ሰጡ። በ1915 ሥራን ለወዳጅ በማደል የታወቀው ዊልያም ቶምሰን ከንቲባ ሆኖ ሲመረጥ ሴቶችም ድምፅ ሰጥተውታል። በ1916 ማኅበራቱ ይህን አሠራር በመቃወም ታላቅ ስብሰባ አድርገው፥ ሹመት በችሎታ እንዲሆን፣ ትምህርት ቤትና ጤና ጥበቃ ከፖለቲካ እንዲለይ የሚጠይቅ የአሳብ ዝርዝር አወጡ፤ የከተማ ጉዳይ ሴቶች ማኅበር መሪ የነበሩት ወይዘሮ ሉዊዝ ቦወንም በዚህ ሥራ ብዙ ደከሙ። ነገር ግን ከንቲባው በ1919 እንደ ገና ተመረጠ።

ሦስተኛ፤ መምረጥ ቢፈቀድም መመረጥ እጅግ ዘገየ። የመላው አሜሪካ ሴቶች የመምረጥ መብት በ1920 ጸና፤ በ1923 ወይዘሪት ማክዳውል የከተማይቱ የሕዝብ ደኅንነት ሹም ሆነው ተሾሙ፤ ወይዘሪት አዳምስም በ1931 የኖቤል የሰላም ሽልማት ተቀበሉ። በሺካጎ ምክር ቤት ግን ሴት እንደራሴ የተቀመጠችው በ1971 ነው፤ ሴት ከንቲባም የተመረጠችው በ1979 ነው። እነዚያ 12 ሴቶች በጠባቡ መንገድ ዞረው ቆሻሻ ከቈጠሩበት ሴት እንደራሴ በምክር ቤቱ እስከ ተቀመጠችበት ድረስ 77 ዓመት አለፈ ማለት ነው።

፰፤ የትምህርቱ ፍሬ

አሁን መጀመሪያ ወደ ቀረበው ጥያቄ እንመለስ። ሹመትና ድምፅ የሌለው ሰው ምን ይችላል? መጀመሪያ ማየትና መቍጠር ይችላል። የሃል ሃውስ ሴቶች ሰፈራችን ቈሽሿል ብለው ቢጮኹ ኖሮ ሹሙ፥ ሁሉም ሰፈር ቈሽሿል ብሎ ይመልስ ነበር። 1037 ስፍራ በስሙ ተጽፎ በቀረበ ጊዜ ግን እንዲህ ያለው መልስ አላዋጣም። ሁለተኛ፥ ሥራውን ከፋፍሎ መያዝ ይችላል፤ ሃምሳ ሎሚ ላንድ ሰው ሸክሙ፥ ለሃምሳ ሰው ጌጡ እንዲሉ፥ አንዲቱ እናት ብቻዋን ሁሉን መንገድ ልትዞር አትችልም ነበር። ሦስተኛ፥ ሹመቱ በደንብ ሲወሰድበት፣ ተወዳዳሪው ሲሸነፍ፣ ወገኑ ሲያፌዝበት ሥራውን አለመተው ይችላል።

መምህራን ይህን ትምህርት ሲያስተምሩ ከተማሪዎች ጋር ወጥተው የሰፈሩን ምንጭ ወይም የጕድጓድ ውሃ ቢመለከቱ መልካም ነው። ማን እንደሚቀዳ፣ ከብት የሚጠጣበት ከሰው መቅጃ በስንት ርምጃ እንደ ራቀ፣ ዝናብ ሲዘንብ ጎርፉ ከየት እንደሚገባበት ተማሪው በደብተሩ ይጻፍ። ውሃ የሚቀዱትን እናቶችና ልጃገረዶች ይጠይቁ፤ ሽማግሌ ከሚያውቀው በላይ እነርሱ ስለ ውሃው ያውቃሉና። የተጻፈውም በሽማግሌዎች ፊት ይነበብ።

ለተማሪዎች የሚቀርቡ ጥያቄዎች፤

1ኛ፤ የገጠር ሴት ወደ ከተማ በመጣች ጊዜ ቤቷን ማጽዳት ብቻ ልጆቿን ከበሽታ ለማዳን ስለ ምን አልበቃም?

2ኛ፤ በ1894 ሴቶቹ ያቀረቡት ክስ ስንት ነበር? ቍጥሩ ተጽፎ መቅረቡ ምን ጠቀመ?

3ኛ፤ የወንዶቹና የሴቶቹ የከተማ ጉዳይ ማኅበራት ስለ ቆሻሻ ያቀረቡት አሳብ በምን ይለያል? እናንተ ብትሆኑ አስቀድማችሁ ምን ትጠይቁ ነበር?

4ኛ፤ ወይዘሪት ሐሚልተን የዝንቡ ግምታቸው ትክክል እንዳልነበረ በመጽሐፋቸው መጻፋቸው ክብራቸውን ይቀንሳል ወይስ ይጨምራል?

5ኛ፤ የአልፋ ማኅበር ሴቶች በተሸነፉበት ምርጫ ምን አተረፉ?

6ኛ፤ በሰፈራችሁ ሁሉ ሰው የሚያየው፥ ማንም ግን ቈጥሮ ያልጻፈው ጉዳት ምንድር ነው?